የሽግግር ሚዛኑ ፍጥነት አይደለም

ከማዕከላዊ ዕቅድ ወደ ገበያ የተደረገው ሽግግር በተነሣ ቁጥር አንድ ፍርድ ቀድሞ ይደመጣል፦ የደፈሩት አለፉ፣ ያመነቱት ቀሩ። በዚህ ፍርድ መሠረት ፖላንድ በ1990 ዋጋን፣ ምንዛሪንና የውጭ ንግድን በአንድ ጊዜ ስለለቀቀች በለጸገች። ሩሲያ ተመሳሳዩን መንገድ በ1992 ብትጀምርም ፓርላማዋና ማዕከላዊ ባንኳ እጇን ስለያዟት መንገድ ላይ ቀረች። (ዓመታቱ ዓ.ም የሚል ካልተጨመረባቸው በቀር እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) የዚህ አመለካከት ጠበቆች ሐሳባቸውን የሚያጠቃልሉት ገደል በሁለት ዝላይ አይሻገሩም በማለት ነው። ተቃዋሚዎቻቸው ደግሞ ቻይናን ይጠቅሳሉ፤ ቀስ ያለ ደረሰ፣ የሮጠ ተሰበረ ይላሉ።

ሁለቱ ወገኖች ሠላሳ ዓመት ሙሉ ሲከራከሩ የቆዩት በአንድ መለኪያ ነው። አንዱ ፍጥነትን ያወድሳል፣ ሌላው ያወግዛል፤ የአንድን አገር ዕጣ የሚወስነው ፍጥነት መሆኑን ግን ሁለቱም ሳይጠይቁ ተቀብለውታል። ይህ የጋራ እምነት ስሕተት ነው፤ ያስከተለው ጉዳትም በመጻሕፍት ገጽ ላይ ብቻ አልቀረም። ፋብሪካቸውን፣ ቁጠባቸውንና ጡረታቸውን ያጡ ሚሊዮኖች ዋጋውን ከፍለውበታል።

ሽግግር ተብሎ በአንድ ስም የሚጠራው ነገር ጠባያቸው የማይገናኝ ብዙ ሥራዎችን የያዘ ነው። ዋጋን መልቀቅ ማለት መንግሥት ሲያደርግ የኖረውን ማቆም ነው፤ ለዚህ አንድ አዋጅና አንድ ሌሊት ይበቃል። የበጀት ጉድለትን ገንዘብ እያተሙ መሙላትን መተው መራራ ቢሆንም በወራት ውስጥ የሚያልቅ ነው። የመንግሥትን ፋብሪካ ለግል ባለቤት ማስተላለፍ ግን ከሁለቱም የተለየ ነው። ንብረቱን በትክክል የሚገምት፣ ጨረታውን በእኩል ዓይን የሚመራ፣ ገዢው ውሉን ቢያፈርስ የሚከስ፣ ክሱን ሰምቶ የሚፈርድና ፍርዱን የሚያስፈጽም አካል ይፈልጋል። እንዲህ ያለ አካል በአዋጅ ሊቋቋም ይችላል፤ ሥራውን የሚለምደው ግን በዓመታት ነው። የዝላዩ ምሳሌ የሚስተው ይህንን ነው፤ ገደሉ አንድ ሳይሆን ብዙ ነው፣ ስፋታቸውም አይመሳሰልም።

ማስረጃው ከፖላንድ ይጀምራል፤ የፍጥነት ወገን ዋና ምስክር እሷ ናትና። ጃንዋሪ 1 ቀን 1990 ሥራ ላይ የዋለው የፋይናንስ ሚኒስትሩ የሌሼክ ባልሴሮቪች ዕቅድ በእርግጥም ድንገተኛ ነበር። በዚያ አንድ ወር ብቻ ዋጋ 80 በመቶ ገደማ አሻቀበ። ድጎማ ተቆረጠ፣ የአገሪቱ ገንዘብ ዝሎቲ በአንድ የምንዛሪ ተመን ጸና፣ ማንም ሰው ከውጭ አስመጥቶ እንዲሸጥ ተፈቀደ። በዋርሶ መሀል በባህል ቤተ መንግሥቱ ዙሪያ ባለው ሰፊ አደባባይ ሰዎች ታጣፊ አልጋ ዘርግተው ሹራብ፣ ሳሙናና የታሸገ ቡና ይሸጡ ነበር። ከወር በፊት ባዶ የነበረው የሱቅ መደርደሪያ ሞላ፤ ሰልፉም ጠፋ። ይህን ስኬት መካድ አይቻልም፣ መካድም አያስፈልግም።

የፍጥነቱ ታሪክ ግን እዚህ ላይ ያበቃል። ከ8,000 የሚበልጡት የመንግሥት ድርጅቶች በሌላ መንገድ ሄዱ። የፕራይቬታይዜሽን ሕጉ የወጣው በጁላይ 1990 ሲሆን እስከ ዓመቱ መጨረሻ አክሲዮናቸውን ለሕዝብ ያቀረቡት አምስት ድርጅቶች ብቻ ነበሩ። የዋርሶ የአክሲዮን ገበያ በኤፕሪል 1991 የኮሚኒስት ፓርቲው ዋና ጽሕፈት ቤት በነበረው ሕንፃ ሲከፈትም የተገበያየው የእነዚሁ የአምስቱ አክሲዮን ነው። መላውን ሕዝብ ባለድርሻ ያደርጋል የተባለው የጅምላ ፕራይቬታይዜሽን የምስክር ወረቀት መታደል የጀመረው በ1995 መጨረሻ ነው፤ የሸፈነውም 512 ድርጅቶችን ብቻ ነው። ትልቁ የቁጠባ ባንክ ፒኬኦ በአክሲዮን ገበያ የቀረበው በ2004፣ ሽግግሩ በተጀመረ በ15ኛው ዓመት ሲሆን መንግሥት ዛሬም ዋና ባለድርሻው ነው። በንብረት ረገድ ፖላንድ ከምሥራቅ አውሮፓ ቀርፋፋዎች መካከል ትቆጠር ነበር። ፓርላማው ይጨቃጨቅ፣ የሠራተኞች ምክር ቤቶች ይቃወሙ፣ መንግሥታት ይለዋወጡ ነበር፤ ለመሸጥ የሚቸኩሉት ወገኖችም ይህን እንደ በሽታ ይቆጥሩት ነበር። በኋላ አገሪቱ ሲሳካላት ያው በሽታ ከታሪኩ ተፋቀና ፖላንድ የድፍረት አርማ ተደረገች።

በመካከሉ ባለቤታቸው ያልተቀየረው ድርጅቶች ምን ሠሩ? መልሱ የሽግግሩን ምስጢር ከማንኛውም ንድፈ ሐሳብ በላይ ያሳያል። ድጎማው ስለተቆረጠ ደመወዝ የሚከፍሉት ከሽያጫቸው ብቻ ሆነ። ደመወዝን ከተፈቀደው በላይ ያሳደገ ድርጅት በጭማሪው ላይ እስከ 500 በመቶ የሚደርስ ቅጣት አዘል ግብር ይከፍል ነበር። ከ1981 ጀምሮ በሕግ የቆሙት የሠራተኞች ምክር ቤቶች ሥራ አስኪያጁን ከቅርብ ይከታተሉት ነበር፤ ማሽን በስውር ሊሸጥ ቢሞክር የሚያየው ሰው አጠገቡ ነበረ። በ1993 የወጣ ሕግ ደግሞ የመንግሥት ባንኮች የተበላሸ ብድር የሚከታተል ክፍል አቋቁመው ከእያንዳንዱ ተበዳሪ ጋር በተወሰነ ጊዜ ውስጥ እንዲቋጩ አስገደደ፤ ወይ የማሻሻያ ዕቅድ ይፈረማል፣ ወይ ኪሳራ ይታወጃል፣ ወይ ዕዳው ይሸጣል። አሰልቺ የቢሮ ሥራ ነው፤ ማንም ሐውልት አያቆምለትም። ቢሆንም የፖላንድ ፋብሪካዎች ባለቤት ሳይለውጡ እንደ ገበያ ድርጅት ማሰብ የጀመሩት በዚህ ምክንያት ነው።

ዕድገቱን የተሸከመውም ከመንግሥት የተሸጠው ንብረት አልነበረም። በታጣፊ አልጋ ላይ የተጀመረው ንግድ ሱቅ ሆነ፣ ሱቁ ጅምላ አከፋፋይ ሆነ፣ አንዳንዱም ፋብሪካ ከፈተ። ለዚህ በር የከፈተው ሕግ የወጣው ከባልሴሮቪች ዕቅድ ከአንድ ዓመት በፊት፣ በዲሴምበር 1988 ነው፤ ያወጣውም የመጨረሻው የኮሚኒስት መንግሥት ነበር። ከእርሻ መሬቱም ሦስት አራተኛው ያህል በኮሚኒስት ዘመንም ከገበሬው እጅ አልወጣም ነበር። ፖላንድ ዘለለች በተባለችበት ዕለት ከገደሉ ማዶ አንድ እግሯን አስቀድማ አሳርፋ ነበር ማለት ነው።

የሕመሙ ማስታገሻም ሊዘነጋ አይገባም። የሠራተኛ ሚኒስትሩ ያሴክ ኩሮን በየሳምንቱ በቴሌቪዥን እየቀረበ ምን እየተደረገ እንደሆነ ለሕዝብ ያስረዳ ነበር፤ ለሥራ አጦች ድጎማና የመንገድ ላይ ሾርባ ማደያም ተዘረጋ። አበዳሪ መንግሥታት በ1991 የአገሪቱን ዕዳ በግማሽ ለመቀነስ ተስማሙ። ያም ሆኖ ሥራ አጥነት በ1993 መጨረሻ 16 በመቶ ደረሰ፤ በዚያው ዓመት መራጩ የቀድሞ ኮሚኒስቶችን ወደ ሥልጣን መለሰ። በፍጥነት አማኞች ስሌት ይህ የተሐድሶው ሞት መሆን ነበረበት። አዲሱ የፋይናንስ ሚኒስትር ግዤጎዥ ኮሎድኮ ዋጋን ተመልሶ አልተቆጣጠረም፤ የማኅበራዊ ወጪውን አስተካክሎ ቀጠለ፣ ዕድገቱም ቀጠለ። ፖላንድ የ1989 የምርት መጠኗን ከቀድሞ ሶሻሊስት አገሮች ሁሉ ቀድማ በ1990ዎቹ አጋማሽ መለሰች።

ወደ ሩሲያ ሲታለፍ የፍጥነት ወገን መከራከሪያ በግማሹ እውነት አለው። ጃንዋሪ 2 ቀን 1992 የየጎር ጋይዳር መንግሥት አብዛኛውን ዋጋ ቢለቅም የነዳጅ ዋጋ በአገር ውስጥ ከዓለም ዋጋ እጅግ ዝቅ ብሎ እንዲቆይ ተደረገ፤ የኤክስፖርት ፈቃድ በእጁ ያለ ሁሉ ከልዩነቱ ሀብት ዛቀ። ማዕከላዊ ባንኩም ለድርጅቶች ብድር ማፍሰሱን አላቆመም። በዓመቱ የዋጋ ንረቱ 2,500 በመቶ አካባቢ ደረሰ፤ ዕድሜ ልክ የተጠራቀመ የቁጠባ ደብተር ለአንድ ጫማ የማይበቃ ወረቀት ሆነ። እስከዚህ ድረስ ዝግታው ጎድቷል መባሉ ትክክል ነው።

ይሁንና ሩሲያ ያለ ማመንታት በፍጥነት የፈጸመችው አንድ ነገር ነበረ፦ የንብረት ዝውውር። ከኦክቶበር 1992 ጀምሮ ለ148 ሚሊዮን ያህል ዜጋ እያንዳንዱ 10,000 ሩብል የሚል ቫውቸር ታደለ። የፕራይቬታይዜሽን ሹሙ አናቶሊ ቹባይስ ቫውቸሩ ሁለት ቮልጋ መኪና የሚያወጣበት ጊዜ እንደሚመጣ ተናገሩ። ሕዝቡ ግን ምን እንደሆነ ባለማወቁና ስለቸገረው ብዙው ለጥቂት ጠርሙስ ቮድካ ሸጠው። በሁለት ዓመት ውስጥ ከ15,000 በላይ መካከለኛና ትልልቅ ድርጅቶች ከመንግሥት እጅ ወጡ፤ አብዛኞቹ የገቡትም በፋብሪካው ሥራ አስኪያጆች እጅ ነው። በዓለም ታሪክ ያን ያህል ንብረት ያን ያህል ባጠረ ጊዜ ባለቤት ሲቀይር እምብዛም አልታየም። የአገሮችን ተሐድሶ በነጥብ በሚለኩት የሽግግር አመልካቾች ላይም ሩሲያ በ1990ዎቹ አጋማሽ በድርጅቶች ፕራይቬታይዜሽን ከፖላንድ የማያንስ ነጥብ ይዛ ነበር። መለኪያው የቆጠረው ስንት ድርጅት እንደተላለፈ እንጂ ለማንና እንዴት እንደተላለፈ አልነበረም።

ከዚያ የባሰው በ1995 መጣ። የመንግሥት ካዝና ስለተራቆተ ጥቂት የሞስኮ ባንኮች ለመንግሥት ብድር ሊሰጡ፣ ለብድሩም የነዳጅና የማዕድን ድርጅቶችን አክሲዮን በመያዣነት ሊወስዱ ተስማሙ። አክሲዮኑ በጨረታ ይቀርባል ተባለ፤ ጨረታውን እንዲመሩ የተደረጉት ግን ራሳቸው ባንኮቹ ነበሩ። የኖሪልስክ ኒኬል ጨረታ ምን ይመስል እንደነበር በዝርዝር ማየት ይገባል። ድርጅቱ በሰሜን ዋልታ ክበብ ውስጥ የሚገኝ፣ በዚያን ጊዜ ከዓለም የኒኬል ምርት አንድ አምስተኛ ያህሉን ያቀርብ የነበረ ግዙፍ የማዕድን ኩባንያ ነው። የመነሻ ዋጋው 170 ሚሊዮን ዶላር ሆኖ ተቀመጠ። የጨረታው አዘጋጅ ኦኔክሲምባንክ ነበር። ሮሲስኪ ክሬዲት የተባለው ተፎካካሪ ባንክ 355 ሚሊዮን ዶላር አቀረበ። የተፎካካሪው ዋስትና በቂ አይደለም ተብሎ ፖስታው ውድቅ ተደረገ። አሸናፊው 170.1 ሚሊዮን ያቀረበው የአዘጋጁ ባንክ ወገን ሆነ፤ ከመነሻው ዋጋ የበለጠው በ100,000 ዶላር ብቻ ነው። ከሳምንታት በኋላ የዩኮስ 45 በመቶ ድርሻ በተመሳሳይ መንገድ፣ ጨረታውን ከመዘገበው ከሜናቴፕ ባንክ ጋር ለተያያዘ ኩባንያ በ159 ሚሊዮን ዶላር ሄደ። በዚህ ጨረታም የተፎካካሪዎች ሰነድ ውድቅ ተደርጓል። ከስምንት ዓመት በኋላ ዩኮስ በገበያ ከ20 ቢሊዮን ዶላር በላይ ይገመት ነበር። መንግሥት ብድሩን መልሶ አክሲዮኑን ማስመለስ የሚችልበት የጊዜ ገደብ በ1996 አለፈ፤ መያዣውም እዚያው ቀረ።

ይህን ሁሉ በዝግታ ወይም በፍጥነት ማብራራት አይቻልም። ጨረታው ቢዘገይም ኖሮ ዳኛው ተጫራች እስከሆነ ድረስ ውጤቱ ያው ነበር። ጥድፊያው ግን አንድ ነገር አድርጓል፦ ጠያቂ የሚሆን አካል ሳይቋቋም ነገሩ እንዲያልቅ አድርጓል። ያለቀውን ነገር መመለስ ደግሞ ሌላ ጥፋት ነው። የተሐድሶ አራማጆቹ ክርክር ንብረቱ በማንም እጅ ይግባ፣ ባለቤት የሆነ ሁሉ ውሎ አድሮ ሕግና ፍርድ ቤት ይፈልጋል የሚል ነበር። የሆነው ተቃራኒው ነው። በግማሽ የተሠራ ገበያ ያበለጸጋቸው ሰዎች ሕግ ሲመጣ የሚያጡት ብዙ ነበር፤ ስለዚህ ሕጉ እንዳይመጣ ከለከሉ። የፖለቲካ ሳይንስ ሊቁ ጆኤል ሄልማን በ1998 ባሳተመው ጥናት የተሐድሶ እንቅፋቶች ተጎጂዎቹ ሳይሆኑ ቀድመው የተጠቀሙት እንደሆኑ ያመለከተው ይህንኑ አይቶ ነው። ገንዘብ የማይዘዋወርበት የእርስ በርስ ዕዳና የዕቃ በዕቃ ልውውጥ ኢንዱስትሪውን ዋጠው፤ ሠራተኛ ለወራት ደመወዝ ሳያገኝ ይኖር ነበር። በኦገስት 1998 መንግሥት ዕዳውን መክፈል አቆመ፣ ሩብልም ወደቀ። የሩሲያ ወንዶች አማካይ የመኖሪያ ዕድሜ በ1990 ወደ 64 ዓመት ይጠጋ የነበረው በ1994 ወደ 57 ዓመት ገደማ አሽቆልቁሏል። በሰላም ጊዜ እንዲህ ያለ ውድቀት በታሪክ እምብዛም አልታየም፤ ስለ ፍጥነት የሚጽፍ ሁሉ ከዚህ ቁጥር ጋር ፊት ለፊት መተያየት አለበት።

ቼክ ሪፐብሊክ ከሩሲያ በብዙ የተሻለ አስተዳደር ቢኖራትም በዚሁ ወጥመድ ውስጥ ገብታለች። በጠቅላይ ሚኒስትሩ በቫስላቭ ክላውስ የተመራው የኩፖን ፕራይቬታይዜሽን በሚሊዮን የሚቆጠር ሕዝብ አሳተፈ። ኩፖኑን የሰበሰቡት ግን የኢንቨስትመንት ፈንዶች ሲሆኑ ከትልልቆቹ ብዙዎቹ የባንኮች ንብረት ነበሩ፤ ባንኮቹን ደግሞ በዋናነት የያዘው መንግሥት ነበር። ፋብሪካው የፈንዱ፣ ፈንዱ የባንኩ፣ ባንኩም የፋብሪካው አበዳሪ ሆነ። የፈንዶች ሥራ አስኪያጆች ጥሩ ጥሩውን ንብረት ወደ ራሳቸው ኩባንያ እያሸሹ ባለድርሻውን ባዶ እጁን አስቀሩት፤ የካፒታል ገበያውን የሚቆጣጠር ራሱን የቻለ ኮሚሽን የተቋቋመው ዘረፋው ካበቃ በኋላ፣ በ1998 ነው። ኤስቶኒያ ደግሞ የፈጣኖች ሁሉ ፈጣን ተብላ ትወደሳለች። በጁን 1992 የራሷን ገንዘብ አወጣች፣ የንግድ በሯን ወለል አድርጋ ከፈተች። ትልልቅ ድርጅቶቿን የሸጠችው ግን አንድ በአንድ፣ በግልጽ ዓለም አቀፍ ጨረታ፣ የገዢውን የኢንቨስትመንትና የሥራ ቅጥር ግዴታ በውል አስራ ነው። ፈጣን መሆን በሚቻልበት ፈጠነች፤ በንብረቱ ላይ ግን ጊዜ ወሰደች።

ዝግታም በራሱ በጎነት እንዳልሆነ ዩክሬን ታረጋግጣለች። እሷ ዋጋን ለመልቀቅም፣ ንብረትን ለማስተላለፍም ዘገየች። በ1993 የዋጋ ንረቱ ከ10,000 በመቶ አለፈ፤ መጨረሻ ላይም እንደ ሩሲያ የጥቂት ቱጃሮች አገር ሆነች። በዚያ የዘገየበት ጊዜ ለሥራ አልዋለም፤ ማንም ፍርድ ቤት አልገነባበትም፣ ማንም ሹም አልተጠየቀበትም።

የዝግታ ወገን ምስክሮችም ሲመረመሩ የሚናገሩት ሌላ ነው። በቻይና አንሁዊ ግዛት የሺያኦጋንግ መንደር 18 አባወራዎች በ1978 የጋራ እርሻውን በምስጢር ተከፋፍለው ለየቤታቸው ማረስ ሲጀምሩ ነገሩ በጥቂት ዓመታት ውስጥ መላ አገሪቱን አዳረሰ፤ ይህ ዝግታ ከተባለ ፍጥነት ምን ሊባል ነው? ገበሬው መሬቱን በእጁ ይዞ፣ ማረሱንም ያውቅ ስለነበር ዝውውሩ ገማችም ዳኛም አላስፈለገውም። በ1988 ግን የቤጂንግ መሪዎች የቀረውን ዋጋ በአንድ ጊዜ እንደሚለቁ ሲያሳውቁ ሕዝቡ ወደ ባንክና ወደ ሱቅ ጎረፈ፣ ዕቅዱም በሳምንታት ውስጥ ታጠፈ። ቬትናም በበኩሏ በመማሪያ መጻሕፍት የዝግታ ተማሪ ተብላ ትጠራለች። በ1989 ግን የአብዛኛውን ሸቀጥ ዋጋ ለቀቀች፣ የምንዛሪ ተመኖቿን አንድ አደረገች፣ የቁጠባ ወለድን ከዋጋ ንረቱ በላይ አወጣች፤ ፖላንድ ከጥቂት ወራት በኋላ የምታደርገውን ማለት ነው። ሩዝ ትለምን የነበረች አገር በዚያው ዓመት ሩዝ ላኪ ሆነች። የመጀመሪያው የአክሲዮን ገበያዋ የተከፈተው ግን በጁላይ 2000 በሆ ቺ ሚን ከተማ ሲሆን የሚገበያየውም የሁለት ኩባንያዎች አክሲዮን ነበር። ፖላንድና ቬትናም በክርክሩ በሁለት ተቃራኒ ጎራ ይቆማሉ፤ በተግባር የሠሩት ግን ይመሳሰላል።

በእነዚህ አገሮች መካከል ያለው እውነተኛ መስመር የሚያልፈው ሌላ ቦታ ነው። የተሳካላቸው ዋጋን የለቀቁት ለአዲስ ሥራ ፈጣሪ በሩን ከፍተው ነው፤ የመንግሥት ድርጅትን ሳይሸጡም በራሱ ገቢ እንዲኖር አስገድደዋል፤ ንብረት ያስተላለፉትም በሽያጩ ላይ አይሆንም የሚል ድምፅ ባለበት ነው። ያ ድምፅ በፖላንድ የሠራተኞች ምክር ቤት፣ ፓርላማና ጋዜጣ ነበር። በቻይናና በቬትናም ያለ ነጻ ምርጫ፣ በፓርቲው ውስጣዊ ሥርዓት የተተካ ደካማ ልጓም ነበር፤ ጉድለቱም በርካሹ የመንግሥት ዋጋ ገዝተው በገበያ ዋጋ በሚሸጡት የቻይና ሹማምንት የሁለት ዋጋ ንግድ ታይቷል፣ የ1989 የቲያናንመን ቁጣ አንዱ መነሻም ይኸው ነበር። በሩሲያ ግን ድምፁ በመድፍ ዝም አለ፤ በኦክቶበር 1993 ታንኮች የፓርላማውን ሕንፃ ደበደቡ፤ በዚያው ዓመት መጨረሻ የጸደቀው ሕገ መንግሥትም ሥልጣኑን ወደ ፕሬዚዳንቱ አጠቃለለ። የብድር በአክሲዮን ጨረታው የተፈጸመው ከሁለት ዓመት በኋላ በፕሬዚዳንታዊ ድንጋጌ ነው።

የፍጥነት ወገን እጅግ ጎጂው ትምህርትም ይኸው ነው። ፖለቲካ የተሐድሶ ጠላት ነው፣ የዕድል መስኮቱ ሳይዘጋ፣ ሕዝቡ ሳይነቃ ይጨረስ ይላል። ሕዝቡን ቀድሞ ሥራውን መጨረስ እንደ ብልሃት ተቆጠረ። የፖላንድ ተሐድሶ የጸናው ግን ሕዝቡ በ1993 መሪዎቹን አውርዶ፣ ተተኪዎቹም የተጎዳውን ጠግነው ስለቀጠሉ ነው። መራጩ የጣላቸው መሪዎች ሥራ ያልፈረሰው፣ መራጩ ራሱ በጥገናው ውስጥ ስለገባ ነው።

ይህ ክርክር ለኢትዮጵያ የሩቅ አገር ወሬ አይደለም። ኢትዮጵያ ከሶሻሊዝም የወጣችው በሁለት የተለያዩ መንገዶች ነው፤ ልዩነታቸውም ከላይ የተባለውን ሁሉ ይደግፋል። በ1982 ዓ.ም የካቲት መጨረሻ ደርግ ቅይጥ ኢኮኖሚን ሲያውጅ የእህል ኮታ ተነሣ፤ ገበሬው እህሉን ለወደደው ይሸጥ ጀመር። የአምራቾች የኅብረት ሥራ ማኅበራትን ማንም ሳያዘው በሳምንታትና በወራት ውስጥ አፈረሳቸው፤ መሬቱንና በሬዎቹን ተከፋፈለ፣ ከሰፈራ መንደሩም ወደ ቀድሞ ቀዬው ተመለሰ። የመንግሥት አማካሪም አዋጅም አልጠበቀም። ይህ የሠራበት ምክንያት ከሺያኦጋንግ ጋር አንድ ነው፤ እጁ ላይ ያለውንና የሚያውቀውን ነገር ነው የተረከበው። (የጋራ ደንና እርከን በዚያው ግርግር መውደሙም መነሣት አለበት፤ ለማንም ያልሆነው ነገር ጠባቂ አልነበረውምና።) የብር ምንዛሪም በ1985 ዓ.ም መስከረም በአንድ ቀን ከ2.07 ወደ 5 ብር ወረደ።

በፋብሪካ፣ በባንክና በቴሌኮም ላይ ግን ሠላሳ ዓመት አልፎም ሥራው ገና ነው፤ ይህን የሚያዩ ብዙዎች ፍርዳቸው አሁንም ያው ነው፦ ዘገየን ይላሉ። ከቅርብ ጊዜ ሁለት ክንውኖችን ጎን ለጎን ማየት ይበቃል። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም የምንዛሪ ተመን በገበያ እንዲወሰን ሲታወጅ ውጤቱ በዚያው ጠዋት በየባንኩ ሰሌዳ ላይ ታየ፤ ዶላር ከ57 ብር ገደማ ተነሥቶ በሳምንታት ውስጥ ከ100 ብር አለፈ፤ ዘይትና መድኃኒት የሚገዛ ደመወዝተኛም ወዲያው ተሰማው። በ2017 ዓ.ም ጥቅምት የኢትዮ ቴሌኮም 10 በመቶ ድርሻ ለኢትዮጵያውያን ሽያጭ ቀረበ፤ አንዱ አክሲዮን በ300 ብር፣ ዝቅተኛው ግዢ 33፣ ከፍተኛው 3,333 አክሲዮን። ሽያጩ ሲያልቅ ከቀረበው 100 ሚሊዮን አክሲዮን የተሸጠው 10.7 ሚሊዮን ያህል ሲሆን ገዢዎቹም ከ47,000 በላይ ነበሩ።

በፍጥነት ሚዛን የመጀመሪያው ድል፣ ሁለተኛው ውድቀት ነው። በሌላኛው ሚዛን ግን የሚጠየቀው ይለያል። በምንዛሪው ላይ የሚጠየቀው የቀኑ ድፍረት ሳይሆን የተጎዳው ደመወዝተኛና ጡረተኛ ምን ያህል ተካሰ የሚለው ነው። በአክሲዮኑ ላይ ደግሞ የሚያመዝነው 3,333 የሚለው ጣሪያ ነው፤ አንድ ባለሀብት በአንድ ቀን ድርጅቱን እንዳይጠቀልል የሚከለክለው እሱ ነውና፣ ኖሪልስክ ያልነበረውም እሱ ነው። የተሸጠው ማነሱ ገዢው የድርጅቱን ሒሳብ እንዲያምን፣ አክሲዮኑን መልሶ የሚሸጥበት ገበያ እንዲኖረውና ከሌሎች ባለድርሻዎች ጋር ሲጣላ የሚዳኘው ፍርድ ቤት እንዲያገኝ ምን ያህል እንደሚቀር ያሳያል። ቀሪው ድርሻ ገዢ በመጣ ጊዜ በጅምላ ይሸጥ የሚል ጥድፊያ ከተነሣ፣ ያ ጣሪያ በሕግ ጸንቶ መቆየቱ፣ የኦዲት ሪፖርቱ በየዓመቱ ለሕዝብ መውጣቱና የካፒታል ገበያ ባለሥልጣን ለሚኒስትር ሳይሰግድ እምቢ ማለት መቻሉ ከሽያጩ ቀን ይቀድማል።